ያለቀ ጨዋታ፣ የቆሙ ሽማግሌዎች

«ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» ይላል የአገሬ ሰው፣ ውሻውን ለማሳፈር። እኔ ግን ካረጀሁ ወዲህ ውሻው እያሳዘነኝ መጥቷል። እስቲ ምን ያድርግ? ጅቡ ሳለ ቢጮኽ ይበላል፤ ከሄደ በኋላ ቢጮኽ ይተረትበታል። ደግሞስ ከሄደ ጅብ ጋር የማይሟገት ማን አለ? አስተውላችሁ እንደሆነ፣ የሰው ልጅ ዕድሜውን የሚጨርሰው ባለቀ ነገር ላይ ነው። የፈታት ሚስቱን ይመክራል፤ የወደቀ መንግሥት ይገለብጣል፤ ከሞተ ሰው ጋር ይታረቃል። እዚህ ኦስሎ ያሉት የአገሬ ወንዶችማ ቅዳሜ ቅዳሜ የሚሰበሰቡበት አንድ አብዮት አላቸው፤ እሱኑ እንደገና ከመጀመሪያው ያካሂዱታል። እስከ ዛሬ ግን አንድ ቀን እንኳ ቀንቷቸው አያውቅም።

የእኔ ልጅ ግርማ ከሁሉም ይለያል። የእሱ ያለቀ ነገር በካሴት ነው የሚመጣለት።

ግርማ በጎረምሳነቱ አስመራ፣ በአሜሪካኖቹ ጦር ሰፈር ወጥ ቤት ውስጥ ይሠራ ነበር። ሌላው ሠራተኛ ከዚያ ቤት ብርድ ልብስ ይዞ ወጣ፤ የታሸገ ሥጋ ይዞ ወጣ፤ ምንም ያጣው እንግሊዝኛ ይዞ ወጣ። የእኔ ልጅ ቤዝቦል ይዞ ወጣ። ቤዝቦል ምን እንደሆነ ለማታውቁ ላስረዳችሁ፤ እኔም አላውቀውም። አንዱ ኳስ ይወረውራል፤ አንዱ ዱላ ይዞ ይጠብቃል፤ የቀሩት ሜዳው ላይ ተበትነው ይቆማሉ። ከዚያ ይቆማሉ። አሁንም ይቆማሉ። በእኛ አገር የገና ጨዋታ ዱላ ያነሣ ሰው ወይ ጥንጓን ይመታል ወይ የጎረቤቱን ቅልጥም፤ ብቻ አንዱን ይመታል። «በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ» የተባለውም ለዚህ ነው። እነዚህ ግን ዱላ ይዘው ያስባሉ።

ኦስሎ ውስጥ ደግሞ ቤዝቦል የሚባል ነገር በራዲዮም በቴሌቪዥንም አይገኝም። ኖርዌጂያን የሚወደው ስፖርት ሰው እግሩ ላይ ጣውላ አስሮ ብቻውን ጫካ ለጫካ ሲሮጥ ማየት ነው። ስለዚህ አሜሪካ የገባ አንድ የዱሮ የወጥ ቤት ጓደኛው ጨዋታውን ከራዲዮ እየቀዳ በፖስታ ይልክለታል። ካሴቱ ባሕሩን ተሻግሮ፣ ትቬይታ ሰፈር ያለውን ረጅም ሕንፃ በሊፍት ወጥቶ እኛ ቤት እስኪደርስ፣ ጨዋታው ካለቀ ሰንብቷል። ተጫዋቾቹ ታጥበው፣ ተኝተው፣ ሌላ ጨዋታ ተጫውተው፣ የረሳውም ረስቶታል። ግርማ ግን ቴፑ ፊት ቁጭ ብሎ «ሩጥ! ሩጥ እንጂ! ምን ታያለህ!» እያለ ይጮኻል።

«ልጄ፣» አልኩት አንድ ቀን፣ «ይሄ ሰውዬ እኮ ወይ ሮጧል፣ ወይ አልሮጠም። አንተ ስትጮኽ ባለፈው ወር ላይ ይሰማሃል?»

«እማዬ፣ ለእኔ አላለቀም።»

ለእሱ አላለቀም! ይሄን መልስ ያዙልኝማ። ባለዕዳ ሁሉ ቢማረው ጥሩ ነው።

ከሁሉ የሚያስቀው ጥንቃቄው ነው። ውጤቱን ማንም ቀድሞ እንዳይነግረው ቤቱን በሙሉ አስጠንቅቋል። ማን ሊነግረው? በመላው ኖርዌይ ያንን ውጤት የሚያውቅ፣ ቢያውቅስ ግድ የሚሰጠው አንድ ፍጡር ይገኛል? እሱ ግን ስልክ ከአሜሪካ የመጣ እንደሆነ «አትናገር!» ብሎ ጆሮው ላይ ይዘጋበታል። ጓደኛው አንድ ጊዜ የደወለው ልጁን ሊድር ነበር፤ ለሠርግ ሊጠራው። ግርማ ሠርጉንም የሰማው ካለቀ በኋላ ነው።

በዚህ ቤት ውስጥ እንግዲህ ገነት የምትባል የልጅ ልጅ አለችኝ፤ የግርማ ልጅ። እናቷ ካረፈች ወዲህ ያሳደግኳት እኔ ነኝ። ነርስነት ትማራለች። አንድ ዳንኤል የሚባል ልጅ ወደደች፤ እሱም ሲክሄም በሚሉት መጦሪያ ቤት ውስጥ አረጋውያን እያጠበና እያጎረሰ የሚያድር፣ እኔን ሲያይ ካፖርቴን ለመቀበል የሚሮጥ ልጅ ነው። አንድ ጉድለት ብቻ አለበት። ጴንጤ ነው።

እኛ ኦርቶዶክስ ነን። ግርማ ሲጾም አይቼው አላውቅም፤ ቤተ ክርስቲያን የሚሄደው ለክርስትናና ለለቅሶ ነው። ግን ሃይማኖቱ የሌላ ሰው ሃይማኖት ሲያይ ይነሣበታል። «ልጄን ለጴንጤ? በሕይወቴ እያለሁ!» ብሎ ተናግሯል። እሱ ደግሞ አንዴ ካለ አለ ነው፤ ከገዛ ወንድሙ ጋር በአንዲት ቃል ተኳርፎ ይኸው እስከ ዛሬ አይጠያየቁም። እኔን ያስፈራኝ ይሄ ነው። እምቢ ካለ ልጅቷ ትወጣለች፤ ከወጣች እሱ አይጠራትም፤ ካልጠራት እሷ አትመጣም። ግትርነታቸውን ከየት እንዳመጡት አትጠይቁኝ፤ የእሱ እናት፣ የእሷም አያት እኔ ነኝ።

ዳንኤል ሽማግሌ እንደሚልክ በሰው በሰው አስነገረ። አስነገረ እንጂ፣ ኦስሎ ውስጥ ሽማግሌ ከየት ይመጣል? እዚህ ያለው የአገራችን ሰው ሁሉም ወጣት ነው፤ ያልሆነውም ነኝ ይላል። እንደምንም ብሎ ከእኛ ደብር ጋሽ ለማን አገኘ፤ የዱሮ ሾፌር፣ ጉልበቱን የሚያመው፣ አፉን የማያመው ሰው። ከእነሱ ቤተ ክርስቲያን ወንድም ጴጥሮስን ጨመረ፤ ለሰላምታም ዓይኑን ጨፍኖ የሚጸልይ። ሦስተኛ ጠፋ። በመጨረሻ ዳንኤል ሮመን የሚባል ሰፈር የተከራየበትን ቤት ባለቤት፣ ኦድቫር የሚባለውን ኖርዌጂያን አመጣ። ምነው ቢሉት፣ ሽበት አለው አለ።

ቅዳሜ ረፋድ ላይ መጡ። ግርማ እንደሚመጡ ያውቃል፤ ስለዚህ ደወሉ ከመደወሉ በፊት አዲስ የመጣውን ካሴት ከፍቶ ተቀምጧል። ልጄን አውቀዋለሁ። እምቢ ማለት ሲፈራ ሥራ ይበዛበታል።

ጫማቸውን በር ላይ አውልቀው በካልሲ ተሰለፉ። የጋሽ ለማ የግራ አውራ ጣት ከካልሲው ወጥታ እሷም ሽማግሌ ሆና ቆማለች።

«ኖር! ተቀመጡ እንጂ፣» አለ ግርማ።

«እዚሁ ደህና ነን፣ አቶ ግርማ። የመጣንበት ጉዳይ ይሰማልን።»

ወጉ ነው፤ ሽማግሌ ጉዳዩ ሳይሰማለት አይቀመጥም። ግርማም ወጉን ያውቃል።

«ይሰማል፣ ለምን አይሰማም። ይቺ ጨዋታ ትለቅ ብቻ።»

ቆሙ። ቴፑ ውስጥ ያለው ሰውዬ በአፍንጫው ያወራል፤ ሰው ይጮኻል፤ ዝም ይላል። ኦድቫር ወደ ሶፋው ፈገግ ብሎ አንድ እርምጃ ሲሄድ ወንድም ጴጥሮስ በእጅጌው ጎትቶ መለሰው። ምስኪን ኖርዌጂያን፣ ወረፋ መስሎት ቆመ። ግርማ ካሴቱን ገለበጠ። ሌላ ካሴት ጨመረ። እኔ አንድ ጊዜ ጣልቃ ብገባ «እማዬ፣ አሁን ወሳኙ ላይ ነው» አለኝ። ገነት የወጥ ቤቱ በር ላይ ቆማ ጥፍሯን ትበላለች። ዳንኤል ታች፣ ገበያ አዳራሹ ውስጥ ሆኖ ምናልባት ስንተኛውን ሱቅ ይዞራል።

«ስንት ደቂቃ ቀረው?» አለ ጋሽ ለማ ጉልበቱን እያሸ።

«ቤዝቦል ሰዓት የለውም፣ ጋሽ ለማ። በዙር ነው። አሁን እኩል ስለወጡ ሌላ ዙር ይጨመራል።» ፊቱ በራ። «አሁንም እኩል ከወጡ፣ አሁንም ይጨመራል።»

«ምነው አቶ ግርማ! እኔ ቀበሌ ስብሰባ ላይ እንኳ ይሄን ያህል አልቆምኩም። ይሄ አሁን የሚጫወቱት ነው?»

«የለም፣ ካለቀ ወር ሆኖታል።»

ጋሽ ለማ ግድግዳውን ይዞ ትንሽ አሰበ።

«አልቋል?»

«አልቋል።»

«ታዲያ ምን እየጠበቅን ነው?»

«እስኪያልቅ ነዋ!»

ወንድም ጴጥሮስ ዓይኑን ጨፈነ። ከንፈሩ ሲንቀሳቀስ አየሁት፤ ያለቀው ጨዋታ እንዲያልቅ ይጸልያል። ስንት ዓይነት ጸሎት ሰምቻለሁ፣ ይሄን ዓይነቱን ያኔ አየሁ። ኦድቫር ግን የማያምንበትን ወረፋ የሚቆምበት ትዕግሥት አለቀበት መሰለኝ፣ ጎንበስ ብሎ ጴጥሮስን በኖርዌጂያንኛ ጠየቀው። ጴጥሮስም አባትየው ልጁና ልጅቷ እንዲጋቡ እስኪፈቅድላቸው ነው የምንጠብቀው አለው።

ኦድቫር ሳቀ። ቅን ሰው እንደሚስቀው፣ አፉን ከፍቶ ሳቀ። ከዚያ ጮክ ብሎ አንድ ነገር ተናገረ።

የእኔ ኖርዌጂያንኛ ወተትና ድንች ለመግዛት እንጂ ለእንዲህ ያለ ነገር አይበቃም፤ ግን የገነትን ፊት ማንበብ እችላለሁ። ነጭ ሆነ። ጴጥሮስ ዓይኑን ገለጠ። ጋሽ ለማ ተረጎመልኝ፦ «ተጋብተዋል እኮ ነው የሚለው። ፍርድ ቤት ሄደው። ምስክር ሆኖ የፈረመው እሱ ነው...» ትርጉሙን ሳይጨርስ ሶፋው ላይ ተቀመጠ።

አያችሁልኝ የዳንኤልን ብልጠት? ሽበት ፍለጋ ከኦስሎ ሕዝብ መካከል ለሽምግልና የመረጠው የጋብቻውን ምስክር ነው! ሰውየውም ምን አጠፋ? ሚስጥር መሆኑን የነገረው የለም።

ግርማ እጁን ሰደደና ቴፑን አጠፋው። ዙሩ መሀል ላይ። ይሄን ሲያደርግ አይቼው አላውቅም፤ እናቴ ስትሞት እንኳ ድምፁን ነበር የቀነሰው።

«መቼ?» አለ።

«ትምህርት ሲከፈት፣ አባዬ፣» አለች ገነት። «ለባልና ሚስት የሚሰጥ የተማሪ ቤት ወረፋ ደረሰን። የጋብቻ ወረቀት ካላመጣችሁ ለሌላ እንሰጠዋለን አሉን።»

እውነቷን ነው። ኦስሎ ውስጥ አባት ተቆጥቶ ይበርዳል፤ የቤት ወረፋ ካለፈ ግን አለፈ።

«ካገባሽ ታዲያ እነዚህ ሰዎች ቤቴ ውስጥ ምን ይሠራሉ?»

«አይ አባዬ፣ ላንተ ነው እንጂ። እንዲሁ ልንነግርህ አልፈለግንም። ውጤቱን አትንገሩኝ፣ ከመጀመሪያው ልስማው ትል የለም እንዴ? ከመጀመሪያው እንድትሰማው ብለን ነው።»

ግርማ አቀረቀረ። በወንድሙ ላይ ያቺን የመጨረሻ ቃል ከመናገሩ በፊትም እንዲሁ ነበር ያቀረቀረው። ገነትን አላየም። ቀና ብሎ ጋሽ ለማን አየው።

«ተነሡ!»

አለቀ፣ አልኩ። አባረራቸው።

«ኧረ አንተ ሰው፣ ጉልበቴን!» አለ ጋሽ ለማ።

«ተነሡ ብያለሁ! ተቀምጦ ልጅ የሚለምን ሽማግሌ የት አገር ታይቷል? ቁሙና የመጣችሁበትን ተናገሩ!»

ተነሣ። ኦድቫርም ተነሣ፣ ሳይቀመጥ። ጋሽ ለማ ጉሮሮውን ጠርጎ፣ እንዲህ ካለው ቤተ ሰብ እንዲህ ያለ ጨዋ ልጅ አለን፤ ልጅዎን ለልጃችን ብለን ደጅ ልንጠና መጥተናል፣ እያለ ከላይ እስከ ታች ተናገረ። ግርማ እጁን አጣምሮ ሰማ። ከዚያ ኮስተር ብሎ፣ «ከባድ ነገር ነው ያመጣችሁት። ከዘመድ ልማከር። ከሁለት ሳምንት በኋላ ተመለሱ» አላቸው። የትኛው ዘመድ? ያለሁት ዘመድ እኔ ነኝ፤ ከጎኑ ቆሜያለሁ። ኦድቫር ያገባች ሴት ለመለመን ከሁለት ሳምንት በኋላ እንደሚመለስ ሲተረጎምለት ጫማውን እያሠረ ጭንቅላቱን ነቀነቀ። ግን መጣ። የኖርዌጂያን ቀጠሮ ነው።

በተመለሱ ጊዜ ግርማ በሃይማኖቱ ተከራከረ፤ የልጁን ዘር ማንዘር ጠየቀ፤ ሁለት ጊዜ እምቢ አለ፤ በሦስተኛው «እንግዲህ ሰጥቻለሁ» ብሎ አለቀሰ። እውነተኛ ዕንባ ነው። ገነትም እንዳዲስ ሙሽራ አቀርቅራ አለቀሰች፤ ጋሽ ለማም ተቀመጠ።

ሳቁ፣ ግድ የለም። የዛሬ ልጆች ጉድ ብላችሁም ተደነቁ። ግን ይሄ ነገር በእነሱ የተጀመረ እንዳይመስላችሁ። አባቴ ቤት ሽማግሌ ሲመላለስ፣ አባቴም ከዘመድ ልማከር እያለ ሲመልሳቸው፣ እጃቸውን ያስታጠብኩ እኔ ነኝ። የድንበር ክርክር ነበር የመሰለኝ። ለካ የምለመነው እኔ ነኝ፤ ከብቱ ተነድቶ፣ ጌሾው ተወቅጦ፣ ቀኑ ተቆርጦ አልቋል። አባቴ ያውቃል፤ እናቴ ታውቃለች፤ አብረውኝ ውሃ የሚወርዱት ልጆች ሳይቀሩ ያውቃሉ። ውጤቱን የማላውቀው እኔ ብቻ ነበርኩ።

ዘንድሮ ደግሞ ተራው የአባት ሆነ። ይልመደዋ!