የአባ ፈገግ አስረስ ዘመቻ በቀዩ አውራ ዶሮ ላይ

በስመ እግዚአብሔር ዘፈጠረ አስናነ ለሠሐቅ፤ ጥርስን ለሣቅ በፈጠረ አምላክ ስም፣ በሺህ ዘጠኝ መቶ ሰማንያ ስምንት ዓመተ ምሕረት፣ በዘመነ ዮሐንስ፣ አንድ የቴሌቪዥን ጣቢያ ብቻውን በነገሠበት ወራት፣ የነፋስ ስልኩ የቀልድ ደራሲና አዘጋጅ፣ ፈረስ ባይኖራቸውም ስመ ፈረሳቸው አባ ፈገግ የተባለው፣ አስረስ ያደረጉትን ጀብዱ እንጽፋለን።

እኒህ አስረስ ቀን የዱቄት ፋብሪካ ጸሐፊ፣ ማታ የቀልድ ጸሐፊ ሆነው ሲኖሩ፣ ለጣቢያው ያቀረቡት ድርሰት ሁሉ «አያሥቅም» እየተባለ እንደ ተሸነፈ ጦር ይመለስ ነበር። ከዚህም የከፋው፣ ባለቤታቸው ወይዘሮ ቤተልሄም ውሸት የማያውቁ ሴት ነበሩና፣ በባላቸው ቀልድ አንድ ቀን እንኳ ሥቀው አያውቁም። በዚያ ዓመት ግን ጣቢያው ለፋሲካ አጭር ቀልድ ቢፈልግ፣ አባ ፈገግ የበዓል ዶሮ ማረድ ስላቃተው ባል ጻፉ፤ ባልየውም ቢላዋ ይዞ ስለ ትዳር የሚናገረውን ረጅም ንግግር እንደ በኩር ልጅ ወደዱት።

ከዚህም በኋላ ክተት አወጁ። ከብስራተ ገብርኤል የሠርግ ቪዲዮ አንሺው ሸምሱ ካሜራውን በትከሻው አድርጎ፣ ከታክሲ ተራ ድምፀ ነጎድጓዱ ወያላ ሙሄ ባልየውን ሊሆን፣ ወይዘሮ ቤተልሄምም ሌላ ሴት ስለ ጠፋ ሚስትየዋን ሊሆኑ፣ መብራት ያዥ፣ ገመድ ያዥ፣ ምንም ያልያዘ ጎረቤትም ሁሉ ተከተለ። ቀዩን አውራ ዶሮ ከፉሪ ያመጡት ግን፣ በዕድሜ የአስረስ እናት የሚሆኑት ገበሬዋ ወይዘሮ ገዲሴ ነበሩ፤ ሲያስረክቡም አወጁ፦ «ለሥራ አዋስኩ እንጂ ለወጥ አልሰጠሁም! ላባው ቢጎድል፣ አስረስ፣ የምትታረደው አንተ ነህ!»

ሙሄም ቢላዋውን አንሥቶ የንግግሩን መጀመሪያ ቃል ቢያሰማ፣ ዶሮው ከድምፁ የተነሣ ደንግጦ የታሰረበትን ገመድ በጠሰ፣ መብራቱን ገለበጠ፣ አጥሩን ዘለለ። አባ ፈገግም የሚስታቸውን ነጠላ እንደ መረብ ይዘው፣ በአንድ እግር ጫማ ተከተሉት። ዶሮው ዕድርተኞች ከተሰበሰቡበት ገብቶ በሊቀ መንበሩ ራስ ላይ ዐረፈ፤ ከዚያም አስፋልት ወርዶ ታክሲዎችን አስቆመ። አባ ፈገግ በለስላሳ ሣጥን ላይ ወጥተው፣ «ያየህ ያዝ! የያዝህ አትረድ!» ብለው ቢያውጁ፣ ሕዝቡ «ያዝ» የምትለዋን ብቻ ሰምቶ ግማሹ ዶሮውን አባረረ፣ ግማሹ አባ ፈገግን ያዘ። እርሳቸውም በብዙ እጅ መካከል ሆነው፣ «ሌባ አይደለሁም፣ ደራሲ ነኝ!» ሲሉ ጮኹ። ዶሮው በመጨረሻ ደክሞት፣ በወይዘሮ ቤተልሄም እቅፍ በፈቃዱ ገባ። ሸምሱ ግን የሠርግ ቤት ጠብ መቅረጽ የለመደ ሰው ነበርና፣ ይህን ሁሉ እየሮጠ ቀረጸ።

በማግሥቱ ዶሮውን አጥብቀው አስረው ንግግሩን ቀረጹ፤ በዓሉም ስለ ደረሰ የሚቆራርጡበት ጊዜ አጥተው ሁሉን እንዳለ ላኩ። የጣቢያው ገምጋሚዎችም አይተው ፈረዱ፦ «ንግግሩ ይቅር፤ ሩጫው ይለፍ።» ከጻፉት ቃል አንድ ስንኳ አልተረፈምና፣ አባ ፈገግ እንደ ሐዘንተኛ ተቀመጡ፤ ስማቸውንም ከቀልዱ ሊያስወጡ ዐሰቡ፣ ነገር ግን በዓሉ ቀደማቸው።

በፋሲካም ዕለት መንደሩ ሁሉ ቴሌቪዥን ካለበት ከአከራያቸው ቤት ታደመ። ወይዘሮ ገዲሴ ከፉሪ ድረስ መጥተው «እሰይ የኔ ቀይ! አንበርክካቸው!» እያሉ ሲፎክሩ፣ ወይዘሮ ቤተልሄም ሆዳቸውን ይዘው በሣቅ ከመቀመጫቸው ተንሸራተቱ። አባ ፈገግ ግን ሚስታቸውን እንጂ ቴሌቪዥኑን አላዩም። መጀመሪያ ቅር አላቸው፣ ያ ሁሉ ዓመት የለፉበት ቃል ያላመጣውን ሣቅ ዶሮ አምጥቶታልና፤ ነገር ግን የገዛ ድምፃቸው «ደራሲ ነኝ!» ብሎ ሲጮኽ በሰሙ ጊዜ፣ ተሸነፉና እርሳቸውም አብረው ሣቁ። በዚያን ጊዜ ወይዘሮ ቤተልሄም እንባቸውን እየጠረጉ አወጁ፦ «አስረስ፣ ዛሬ ገና አሣቅኸኝ።»

ከዚያ ወዲያ ጣቢያው በየበዓሉ አባ ፈገግን ይጠራ ጀመር፤ እርሳቸውም ንግግር ማሳጠርን ተማሩ። እንግዲህ አገር ያቀኑ፣ ጠላት ያስገበሩ ነገሥታት በታሪክ ሞልተዋል፤ የገዛ ሚስቱን ያሣቀ ግን ስንት ነው? ክብርና ሞገስ ለአባ ፈገግ አስረስ ይሁን፤ ጥርስ ያለው ሁሉ አሜን ይበል።