የአምስተኛው ፎቅ ፈላስፋ

መቼም ሕንፃ ተሠርቶ ሰው ከገባበት አንድ ፈላስፋ አያጣም። የዚህኛው ሕንፃ ፈላስፋ ጡረታ የወጡ ልብስ ሰፊ ናቸው። ዕድሜ ልካቸውን የሰው ወገብ ሲለኩ ኖረው፣ መቀሱን ባስቀመጡ ማግስት የጥንት ግሪክ ፈላስፎችን ጥራዝ ገለጡ። ከዚያ ወዲህ አምስተኛ ፎቅ ላይ፣ ከሊፍቱ በር ፊት ለፊት ወንበር አውጥተው ያነብባሉ። «ደኅና ነኝ» ያላቸውን ሁሉ፣ ቀና እንኳ ሳይሉ፣ «ታውቃለህ ወይስ ይመስልሃል?» ይሉታል።

ጥያቄያቸው ከሁሉ የመረራት የነዋሪዎች ኮሚቴ ሊቀመንበሯን ነው። ሊፍቱ ማቃሰት የጀመረ ሰሞን ነዋሪውን ሰብስባ «ደኅና ነው የምትሉ እጅ አውጡ» አለች። ሊፍቱ ለጥገና ቢዘጋ፣ ስምንተኛ ፎቅ ያሉት እናቷ በዚያ ጉልበታቸው ከቤት መውጣታቸው አበቃ ማለት ነው። ሠላሳ አንድ እጅ ወጣ። ክቡር ፈላስፋው ብቻ፣ መርከብ የሚይዘው ባሕሩን የሚያውቅ እንጂ ብዙ እጅ የወጣለት አይደለም ሲሉ ግሪኮቹን ጠቅሰው፣ ባለሙያ ይጠራ ብለው ሙጭጭ አሉ። ልብስ ሰፊ ስለ ሊፍት ምን አገባው ብላ ስብሰባውን ዘጋች።

ከዚያ ሳምንት ጀምሮ፣ ጉድ እኮ ነው፣ ሊፍቱ ማንም ሳይጠራው አምስተኛ ላይ ይቆም ጀመር። በሩ ይከፈታል፣ ሰውየው ያቺኑ ጥያቄ ይጠይቃሉ፣ በሩ ይዘጋል። እሳቸው እንደሆነ የሚወጡት በደረጃ ነው፤ የመጥሪያውን ቁልፍ ሲነኩም ያያቸው የለም። ነዋሪው አራተኛን ሲያልፍ ወሬውን ማቋረጥ ለመደ።

አንድ ከሰዓት ሊቀመንበሯ እናቷን ከሐኪም ቤት ይዛ ገባች። ሊፍቱ አምስተኛ ላይ ቆመ። ወንበሩ ባዶ ነው፤ መጽሐፉ እንደተገለጠ ተቀምጦበታል። ጥያቄው ሲቀር፣ ያ ሁሉ ቀን የሰለቻትን ሴት ፍርሃት ወረራት። በሩም እንደ ወትሮው አልተዘጋም፤ ዝም ብሎ ጠበቃቸው።

«ሰውየው ምን ሆነው ይሆን?» አሉ እናቷ። «ነይ እስቲ እንያቸው።»

ወጡ። ሁለት እርምጃ ሳይሄዱ በሩ ከኋላቸው ተዘጋ፤ ገመዱ ሲበጠስ ሰሙ። ባዶው ሊፍት ምድር ቤት ድረስ ወርዶ ተከሰከሰ።

ሽማግሌው አንድ ኩባያ ውሃ ይዘው ከክፍላቸው ብቅ አሉ። ሊቀመንበሯ ግድግዳውን ተደግፋ፣ «ጋሼ፣ እንደሚወድቅ ያውቁ ነበር?» አለቻቸው።

«ኧረ የት አውቄ የኔ ልጅ» አሉ። «መስሎኝ ነበር እንጂ።»

ያን ዕለት እናቷን አዝላ ሦስት ፎቅ ወጣች። ዛሬ ሊፍቱን ባለሙያ አድሶታል። ሊቀመንበሯ ሽማግሌውን እንደምትወዳቸው አፍ አውጥታ አትናገርም፤ አምስተኛ ፎቅ ላይ ግን ሁለት ወንበር አለ። የታደሰውም ሊፍት ማንም ሳይጠራው እዚያ ይቆማል፤ ሁለቱ ጥያቄውን በተራ ይጠይቃሉ።