የኔታ ፀሐይን የያዙበት ቀን

ይህን ነገር እስካለፈው ኅዳር ድረስ ለማንም ተናግሬ አላውቅም። ለንስሐ አባቴም ጭምር። ሐሜቱን፣ ቁጣውን፣ ቅናቱን ሁሉ ዘርዝሬ እዚህ ላይ ስደርስ ሳል ይይዘኛል። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ሳልኩ።

ሰው ከጊዜ ጋር ያለው ነገር መቼም ያስቃል። «ጊዜ የለኝም» የሚላችሁ ሰው መንገድ ላይ አቁሟችሁ፣ ጊዜ እንደሌለው ለማስረዳት ግማሽ ቀን ይፈጅባችኋል። እኛ ግን ከደብረ ታቦር ወጣ ብላ ባለች ደብራችን ጊዜን ጨብጠው የሚይዙ ሰው ነበሩን። መሪጌታ ትርፌ ይባላሉ፤ እኛ የኔታ እንላቸዋለን። የባሕረ ሐሳብ መምህር ናቸው፤ ፋሲካ የዛሬ ሃምሳ ዓመት መቼ እንደሚውል በጣታቸው አንጓ ቆጥረው ይነግሯችኋል። ዝናቸው ግን ከዚህ አልመጣም። ዝናቸው የመጣው አንድ ቀን ፀሐይን ስላቆሙ ነው።

ምሥጢሬም እዚህ ላይ ነው። እፍረቴን እንደምንም ልዋጠውና ልንገራችሁ።

ደርግ ከወደቀ ጥቂት ዓመት ሆኖታል። ከጉና ሥር መጥቼ፣ የአባቴ ዘመድ በሆኑት በየኔታ ቤት ተጠግቼ ሰባተኛ ክፍል እማራለሁ። ጊዜው ሁዳዴ ነው። በደብራችን ልማድ የዘጠኝ ሰዓት ደወል ሳይሰማ እህል የሚቀምስ የለም። ደዋዩ ዲያቆን ደግሞ የሚያየው በየኔታ ግድግዳ ላይ የተሰቀለውን፣ የአገሩን ብቸኛ ሰዓት ነው። የዚያን ቀን ምድጃው ላይ ድንች ተጥዷል። ሽታው አሳበደኝ። ቤት ውስጥ ማንም አልነበረም፤ በርጩማ ላይ ወጣሁና የሰዓቱን ዘንግ ሁለት ሰዓት ወደፊት ገፋሁት። እትዬ ጥሩነሽን፣ የየኔታን ባለቤት፣ አታልዬ ድንች ለመብላት እንጂ ሌላ ሐሳብ አልነበረኝም።

ዲያቆኑ በመስኮት አየ። ደወሉን ደወለ። አገር በላ።

ገበታው ሳይነሣ ግን አባ ወልዴ የሚባሉ ሽማግሌ ጥላቸውን በእግራቸው ለኩና «ገና ሰባት ሰዓት ነው!» ብለው ጮኹ። ሰው ተሰብስቦ መጣ። «ጾም አስገደፋችሁን! ሰዓቱን የነካ ይወገዛል!» እያሉ በሩን ሞሉት። እኔ በአፌ የያዝኩትን ድንች መዋጥም መትፋትም አቃተኝ። ከታወቀብኝ ወደ ጉና ልመለስ ነው፤ ከዚያ ትምህርት የለ፣ ያለው ባል ብቻ።

የኔታ ከቤተ ክርስቲያን መጡ። ሰዓቱን አዩ። በርጩማውን አዩ። ጉንጬን አዩ።

«ሰዓቱ ልክ ነው» አሉ። «ፀሐይቱን ነው ያዝ ያደረግኋት።»

«ለምን ሲሉ?» አሉ አባ ወልዴ።

«እናንተ ስትጮኹ ቁጥሩ ጠፍቶብኝ ነው እንጂ ልለቃት ነበር።»

ሰው ሁሉ ይቅርታ ጠይቆ ተበተነ። የዚያን ቀን ፀሐይ በየኔታ ሰዓት ከምሽቱ ሁለት ላይ ስትጠልቅ አገሩ በገዛ ዓይኑ አየ፤ ማን ይከራከር? የኔታ ግን እስኪመሽ እህል አልቀመሱም። ማታ አጠገቤ ሲያልፉ፣ «አንቺ ልጅ፣ ድንቹ በስሎ ነበር?» አሉኝ።

«አዎ፣ የኔታ።»

«ደግ።» ከዚያ ወዲያ ነገሩን አንሥተውት አያውቁም።

ጣጣው የመጣው ኋላ ነው። ዝናብ የቀደመው ገበሬ አውድማው እስኪነሣ ቀኑን እንዲስቡለት ይመጣል። ጠላው ያልደረሰላት ደጋሽ ጥርን እንዲያስረዝሙላት ትለምናለች። አንድ የእብናት ነጋዴ ያረጀ በሬውን አሥር ዓመት ወደ ኋላ እንዲመልሱለት ጎትቶ አመጣ። «ከመለስኩት በሬህ ገና አልተወለደም፤ ገመድህን ብቻ ይዘህ ነው የምትገባ» አሉት። ሰውዬው በሬውን ስላተረፉለት እጅ ነሥቶ ሄደ። የኔታም ሰዓቱን በነጠላ ሸፈኑት፤ ዲያቆኑ እርሳቸውን እየጠየቀ ይደውል ጀመር። ይህ ደግሞ ጭራሽ አስፈራ። ሲሞቱ ገሚሱ ሰማንያ ዓመታቸው ነው ሲል፣ ገሚሱ ያስረዘሙት ሳይቆጠር ነው አለ።

እኔ ተምሬ፣ ደብረ ታቦር ጂኦግራፊ አስተማሪ ሆንኩ። ባለፈው ኅዳር ሙት ዓመታቸው ሲደርስ ሽማግሎቹ፣ «የተማርሽው አንቺ ነሽ፤ ታሪካቸውን ጽፈሽ አንብቢ» አሉኝ። ዋዜማውን እትዬ ጥሩነሽ ጋ ሄድኩ። ነጠላውን ገለጡልኝ። ሰዓቱ አሁንም ሁለት ሰዓት ይቀድማል።

«የኔታ ለምን አላስተካከሉትም?»

«ካስተካከልኩት ተሳስቶ ነበር ማለት ነው፤ ልጅቱ ትምህርቷን ትጨርስ ይሉ ነበር።»

«ከጨረስኩ በኋላስ?»

«ከዚያማ መቀነሱን ለመዱት።»

ያን ሁሉ ዓመት፣ ያ ሁሉ ሊቅነት፣ ለእኔ ሲል ከሰዓት ላይ ሁለት ሲቀንስ ኖሯል።

በማግስቱ ሕዝቡ ፊት ቆሜ የጻፍኩትን አጠፍኩና፣ «ሰዓቱን ያዞርኩት እኔ ነኝ። ርቦኝ ነው» አልኩ። አሁን በጣም ያረጁት አባ ወልዴ በምርኩዛቸው ተደግፈው ተነሡ። ውግዘቴን ጠበቅሁ።

«እና ሰዓቱን ያዞርሽው አንቺ፤ ፀሐይቱም የቆመችው በአንቺ ነዋ!» አሉ። «አያችሁ፣ ጥበቡን ለማን እንዳወረሱት!»

እልልታው ቀለጠ። ላስረዳ አፌን ስከፍት ልጆቻቸውን እንድባርክ ያስጠጉልኝ ጀመር።

እትዬ ጥሩነሽ ቤት አደርኩ። ጠዋት በሩ ተንኳኳ። አንዲት እናት ናት፤ ስትሮጥ መጥታ ትንፋሿ ተቆርጧል። «እትዬ፣ ልጄ ዛሬ ደብረ ታቦር ፈተና አለባት። መኪናው አመለጣትና በእግሯ እየሮጠች ነው። እስክትደርስ ፀሐይቱን ያዝ አድርጊልኝ!»

ምድር በራሷ ዛቢያ ላይ እንደምትዞር ልነግራት ነበር። አስተማሪ አይደለሁ? ፊቷን ሳየው ግን፣ «ሂጂ፣ ይዤዋለሁ» አልኳት። ጓሮ ዞሬ፣ የሥራ ባልደረባዬ ለሆነው ፈታኝ ስልክ ደወልኩ። «የአዳራሹ ሰዓት ይቀድማል፤ ግማሽ ሰዓት አቆይልኝ» አልኩት፤ እሺ አለ። ስልኩን ዘጋሁ። ማንም እንደማያየኝ ግራ ቀኝ አየሁና፣ ለማንኛውም ብዬ፣ ወደ ፀሐይቱ ዞሬ በቀስታ «እባክሽ፣ ትንሽ ቆዪ» አልኳት።