የሟቹ ወንድም

ለፊልም ጥበብ ሕይወታቸውን የሰጡ ብዙዎች ናቸው፤ ደጋግሞ የሰጠ ግን አንድ ሰው ብቻ ነው። እሱም ሁለገቡ ነው። ይህ ስም የወጣለት ያልሆነው ነገር ስለሌለ ነው። በአንድ ፊልም ውስጥማ ሌባውም፣ በሌባው ላይ የፈረደው ዳኛም እሱ ነበር፤ ማንም አልነቃበትም። ሌባም ሆነ ዳኛ ግን ፊልሙ ሳይጋመስ መሞቱ አይቀርም። የሚሠራበት የፊልም ድርጅት አሠራር ነዋ! እሱ ሲሞት ሕዝቡ ስቅስቅ ብሎ ያለቅሳል፤ ሕዝብን ማስለቀስ ደግሞ የድርጅቱ ተቀዳሚ ዓላማ ነው።

ሁለገቡ የፊልም ድርሰትም ይጽፋል። ምን ዋጋ አለው? ለሌላው ሁሉ ዕድሜ ሲያድል ለራሱ አይተርፈውም። በመጨረሻ ሚስቱ መረራት።

«እስከ መቼ ነው አስከሬንህን አይቼ ወደ ቤት የምመለሰው? ጎረቤቱ ሁሉ ‹ነፍስ ይማር› እያለ ያሾፍብኛል! አንዴ እንኳ እስከ መጨረሻው ኑርልኝ በናትህ።»

ነገሯ አንጀቱን በላው። ቁጭ ብሎ ጻፈ፤ አንድ ብቸኛ ልብስ ሰፊ አሳሩን ሲበላ ኖሮ መጨረሻ ላይ ቆንጆ ያገባል። ልብስ ሰፊውን ራሱ ለመጫወት ቋምጧል።

የድርጅቱ ሥራ አስኪያጅ ድርሰት አያነቡም፤ ቀረጻ ቦታም ዝር ብለው አያውቁም። ትልቅ ሰው ዝርዝር ውስጥ አይገባም። ሲተረክላቸው ግን ዓይናቸውን ጨፍነው በጥሞና ያዳምጣሉ። አንዳንዴም ያንኮራፋሉ።

«ጋሼ፣ ድንቅ ነው!» አሉ ሲነቁ። «ከመጠነኛ ማሻሻያ ጋር ጸድቋል።»

«ምኑ ይሻሻል?»

«ልብስ ሰፊው መጀመሪያ ላይ ይሙት።»

«ታዲያ ልጅቷን ማን ያግባት?»

«ወንድሙ ነዋ።»

«ወንድም የለውማ!»

«ይኑረዋ! ደራሲው እርስዎ አይደሉ እንዴ? እኔ ልውለድለት?»

ሁለገቡ አንገቱን ደፍቶ ወጣ። ደረጃው ላይ ሲደርስ ግን ቆም አለና ብቻውን ፈገግ አለ። ቤቱ ገብቶ ለልብስ ሰፊው መንታ ወንድም ጻፈለት፤ ቁርጥ እሱን! ዳይሬክተሩም «ከጸደቀ እኔ ምን አገባኝ» ብሎ ሁለቱንም በእሱ ቀረጸ።

በምርቃቱ ቀን አዳራሹ ጢም አለ። ልብስ ሰፊው ሞተ፤ ሕዝቡም በአሠራሩ መሠረት አለቀሰ። ከዚያ መንታው ብቅ አለ። ሰደቡት፣ አባረሩት፣ መኪና ሊገጨው ለጥቂት ሳተው፤ ሚስትየው ወንበሯን ጨምድዳ ይዛ ትንፋሿ ቀጥ ብሏል። ሳይሞት አገባ! አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ። እሷ ከሁሉም በላይ አጨበጨበች፤ የሙሽራዋን ቁንጅና እንኳ ይቅር አለች።

ሥራ አስኪያጁ እየተጣደፉ መጡ።

«ጋሼ፣ እርስዎ እንደ ሁልጊዜው ግሩም ሞተዋል፤ እናመሰግናለን። ይሄ ወንድምዎ ግን! እንዲህ ያለ ሰው ደብቀው ይኖራሉ? ምነው፣ ቅናት ነው? ለመሪ ተዋናይነት የተፈጠረ ሰው እኮ ነው! ከእንግዲህ ዋናው እሱ ነው።»

«እኔስ?»

«እርስዎማ ይሞታሉ።»

ሁለገቡ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሳ። «እነግረዋለሁ፤ ደስ ይለዋል።»

ሚስቱ በክርኗ ጎሸም አደረገችው። «ምን ነካህ? ‹እኔው ነኝ› በላቸው እንጂ!»

«ዝም በይ ባክሽ!» አላት በሹክሹክታ። «እኔ መሆኔን ካወቁ እሱንም ይገድሉታል።»