የአክስቴ ግፊትና የዘሐራ ልጅ

እኛ ሰው የምንለካው በዓይን ነው። ጠዋት ከቤት ወጥታችሁ የአስፋልቱን ጫፍ ሳትይዙ ሦስት ሰው ይለካችኋል። አንዷ «ከሳሽሳ!» ትላለች። ሁለተኛዋ «ጠቆርሽ፣ ምን ነክቶሽ ነው?» ትላለች። ሦስተኛዋ ምንም ሳትል ከንፈሯን ትመጥጣለች፤ ከሁሉም የከፋው ውጤት ይሄኛው ነው። ትኩሳት በእጅ ጀርባ ግንባር ላይ ይለካል፣ ሆድ በመቀነት ይለካል፣ ልብ ደግሞ በዳገት። ከገበያ ስትመለሱ ዳገቱ መሀል ቆማችሁ «እንዴት ነው የልጆቹ ነገር?» ብላችሁ የማትወዱትን ሰው መጠየቅ ከጀመራችሁ፣ ልባችሁ ደክሟል ማለት ነው። ደብረ ታቦር ላይ ስንት ጠበኛ የታረቀው በዳገት ነው!

መሣሪያ እንቃለሁ ማለቴ ግን አይደለም። ትምህርቴን ስድስተኛ ክፍል ላይ ባቆምም ማንበብ አላቆምኩም፤ መጽሐፍ ሳጣ መድኃኒት ካርቶን ውስጥ ተጣጥፎ የሚመጣውን፣ እናንተ የምትጥሉትን ወረቀት አነባለሁ። ጣት ነክሶ ደም ውስጥ ያለውን አየር የሚቆጥር፣ የልብስ መቆንጠጫ የመሰለ ነገር እንዳለ አውቃለሁ። ደረት ላይ ሽቦ ለጥፈው የልብን ትርታ ወረቀት ላይ የሚያስጽፉበትንም ማሽን አይቻለሁ፤ የልብ እጅ ጽሑፍ ከሐኪም እጅ ጽሑፍ አይሻልም። ብቻ እነዚህ መሣሪያዎች አንድ ጉድለት አለባቸው። የሠራቸው ሰው፣ ሰው የሚባል ፍጡር ዝም ብሎ መቀመጥ ይችላል ብሎ ያምናል። በተለይ የደም ግፊት መለኪያውን የሠራው። አምስት ደቂቃ ሳይነሡ፣ ሳይናገሩ፣ እግር ሳያነባብሩ መቀመጥ ይላል ወረቀቱ። ይህ ሰው አክስቴን እንጉዳይን አያውቃቸውም።

አክስቴ እንጉዳይ ከጋፋት ማዶ ገብስና ስንዴ ሲያርሱ የኖሩ ሴት ናቸው። አዎ፣ ሲያርሱ፤ ባላቸው ከሞቱ ወዲህ ዕርፉን ራሳቸው ጨብጠዋል። ከሦስት ዓመት በፊት ዓይናቸውን ሞራ ሸፈነውና እኔ ቤት ገቡ። ብርሃንና ጥላ ይለዩ ነበር እንጂ ሰው ከምሰሶ አይለዩም ነበር። ባለፈው ዓመት ሞራ የሚገፍፉ ሐኪሞች ለጥቂት ቀን ብቻ ወደ ከተማችን መጡ ሲባል እጃቸውን ይዤ ሄድኩ። ዐርብ ወደ መጡበት ይመለሳሉ ተባለ። ደግመው መቼ እንደሚመጡ የሚያውቅ አልነበረም።

ረቡዕ ዕለት ግፊት የሚለካው ነርስ፣ አንድ ቀጭን ልጅ፣ ጨርቁን ክንዳቸው ላይ ጠቅልሎ የጎማዋን ኳስ ነፋ። መቶ ዘጠና። «ከመቶ ስድሳ ካለፈ ቢላ አይነካቸውም። መድኃኒታቸውን በሰዓቱ ይዋጡ፣ ጨው ይተዉ፣ ነገ አምጫቸው» አለኝ። ያን ቀን ማታ ጨው የሌለው ሽሮ በሉ። እኔም አብሬያቸው በላሁ፤ ፍቅር ማለት እሱ ነው።

ሐሙስ መቶ ሰማንያ ስድስት። ዓይን ያለኝ እኔ ነኝና ያን ጊዜ ዓይኔን ገለጥኩ። ታውቃላችሁ፣ በእኛ አገር ሰው ሲገባ የተቀመጠ ይነሣል፤ «ኖር!» ይላል፤ የገባውም «በእግዜር! አይነሡ!» ይላል። ትልቅ ለትልቅ፣ ለካህን፣ ለእንግዳ ነው ወጉ። አክስቴ ግን የገባው ማን እንደሆነ አያዩም። ስለዚህ ለሁሉም ይነሣሉ። እግር በሰሙ ቁጥር ብድግ! ለጽዳት ሠራተኛዋ ተነሡ። ለባልዲዋ ተነሡ። ሰው የሚጎትተው ወንበር ሲንኳኳ፣ ወንበር ሊቀመጡበት እንጂ ሊነሡለት የተሠራ አለመሆኑ ተረስቶ፣ ተነሡለት። አሥራ አንድ ጊዜ ቆጥሬ ተውኩት።

ነርሱ ጨርቁን ሲጠቀልልማ ባሰ።

«ይቀመጡ እንጂ እማማ!»

«አንተ ቆመህ እኔ ልቀመጥ? ምን ያለ ነውር ነው!»

«ይኸው ተቀመጥኩ።»

«ተባረክ። እናትህ ደኅና ናት? አባትህስ? ከብቱ፣ አዝመራው?»

«አይናገሩ፣ እየለካሁ ነው።»

«ውይ፣ የእናቱን ደኅንነት የማይናገር ልጅ! ታማ ነው እንዴ?»

ይህን ጊዜ በሩ ሲጥ አለ። «ኖር!» ብለው ብድግ ሲሉ ክንዳቸው ላይ የታሰረው መለኪያ ከነጠረጴዛ ልብሱ ተከትሏቸው ሄደ።

«ነፋስ ነው የከፈተው እማማ!» አለ ልጁ፣ መሣሪያውን ከአየር ላይ እየቀለበ።

«ነፋስ ይሁን ቄስ በምን ላውቅ? የንስሐ አባቴ ቢሆኑስ?»

ተለማመጥኳቸው። «አክስቴ፣ ለዛሬ ብቻ አይነሡ። ዓይንዎ ነው የሚቀርብዎ።» የመለሱልኝን አልረሳውም። «ባይማ ኖሮ ለማን እንደምነሣ ዐውቅ ነበር።» እንግዲህ ነገሩን እዩት። ሞራው እሳቸውን ያስነሣል፣ እሳቸው ግፊቱን ያስነሣሉ፣ ግፊቱ ሞራውን እንዳለ ያስቀምጠዋል። ይህን ክብ የሚያቋርጥ ክኒን የለም፤ ወረቀቱን አንብቤዋለሁ።

ዐርብ ደረሰ። በነጠላ ከወንበሩ ጋር ላስራቸው አስቤ ነበር፤ ሰው ምን ይለኛል ብዬ ተውኩት። በሩ ላይ ቆሜ ሰው ልከለክል ሞከርኩ። አንድ ቄስ መስቀላቸውን ይዘው ሲመጡ ግን መጀመሪያ ጎንበስ ያልኩት እኔው ሆንኩ፤ ውስጥ «ኖር!» ሲባል ሰማሁ።

ከኋላችን ዘሐራ የምትባል ጨርቅ ነጋዴ ነበረች፤ እሷም ሞራ የያዛቸውን አባቷን ይዛ ነው የመጣችው። ጀርባዋ ላይ ሴት ሕፃን አዝላለች። «የአባቴን ካርድ ላውጣ፣ እስክመለስ ያዥልኝ እህቴ» ብላ የተኛችውን ልጅ ሰጠችኝ። እኔ ሕፃን መያዝ አልወድም። ይረጥባል። አክስቴ ጭን ላይ አስቀመጥኳት።

ከዚያ እኚያ ቄስ ወጡ። ወንበሩ ሁሉ ተንቋቋ፣ ሰው ሁሉ ተነሣ። አክስቴ እንጉዳይ አልተነሡም። ራሳቸውን ብቻ ዝቅ አድርገው በሹክሹክታ «ሕፃን ታቅፌ ነው አባቴ» አሉ።

«ይቀመጡ፣ ይቀመጡ፤ እግዜር ያሳድግልዎ» ብለው ቄሱ አለፉ።

ሕፃን የታቀፈ አይነሣም! ይህማ የታወቀ ነው፤ ንጉሥ ቢገባ እንኳ አይነሣም። ሮጬ ነርሱን ጠራሁት። «አሁን ለካ! አሁኑኑ!» ግራ ክንዳቸውን ዘረጋሁለት። በቀኛቸው ልጅቱን አቅፈዋል። በሩ ተከፈተ፣ ተዘጋ፤ ባልዲዋ አለፈች፤ አክስቴ ንቅንቅ የለም። የነርሱን እናት ደኅንነትም አልጠየቁም፤ ሕፃኗ ትነቃለቻ! አምስት ደቂቃ ሙሉ ሲተነፍሱ ብቻ ይሰማል።

መቶ አርባ ሁለት። ልጁ ማዳመጫውን ከጆሮው አውጥቶ አየው፣ መልሶ ሰካው፣ እንደገና ነፋ። መቶ ሠላሳ ስምንት።

«ምን አደረግሻቸው?» አለኝ።

«ያልጻፉላችሁን አደረግሁ።»

አክስቴን ወደ ውስጥ ሲያስገቧቸው ልጅቱን ተቀብዬ ሳልይዝ የዘሐራ አባት እጃቸውን ዘረጉ። «ወዲህ በይ የልጅ ልጄን፤ እኔም ትናንት በዚሁ ነው የወደቅሁ።» እሳቸውም አለፉ። ከዚያ ከእብናት የመጡ አንድ ሽማግሌ ጠየቁ። ከዚያ ተራው ሁሉ። ትንሽ ቆይቶ ነርሱ ከውስጥ ሆኖ «ቀጣይ! ሕፃኗ የት አለች?» እያለ ይጣራ ጀመር። መለኪያው ሦስት አካል ሆነ፦ ጨርቁ፣ ማዳመጫውና የዘሐራ ልጅ። ዘሐራ የአባቷን ካርድ ይዛ ስትመለስ ልጇ አራተኛው ጭን ላይ ነበረች።

«ኧረ በአላህ! ከዕቃችሁ ጋር መዝግባችሁ እንዳታስቀሩብኝ!»

«አንድ ሰው ቀርቷል፣ ታገሺ» አላት ነርሱ፣ ከልቡ። የመጨረሻው ሽማግሌ ላይ ልጅቱ ሸናች። ግፊታቸው ግን አልጨመረም።

በማግስቱ ጠዋት የአክስቴ ቀኝ ዓይን ላይ ያለው ፋሻ ሲነሣ እኔ ካርድ ይዤ ደጅ ነበርኩ፤ በበሩ ክፍተት አያለሁ። መጀመሪያ ያዩት ነርሱን ነው። ረጅም ጊዜ አዩት። «አንተ ነህ? ገና ጢም እንኳ ሳታወጣ? ሦስት ቀን የተነሣሁት ላንተ ነው?» አሉና፣ እንደገና ተነሡለት። በዚህኛው ግን ለማን እንደተነሡ ያውቃሉ።

አሁን አንድ ነገር ልንገራችሁና አትሳቁብኝ። ሁለት ዓመት ሙሉ ውሃ ቀድቼ ስገባ፣ ከጎረቤት ስመለስ፣ አክስቴ «ኖር!» ብለው ይነሡልኝ ነበር። ቄስ ልሁን ሹም አያውቁም። እኔም በአፌ «ኧረ አይነሡ፣ እኔ ነኝ!» እላለሁ፤ ግን ቀስ ብዬ ነበር የምለው፤ ከተነሡ በኋላ።

በሩን ገፋ አድርጌ ገባሁ። እግሬን ሰሙ፣ ቀና አሉ፣ ከጫማዬ ጀምረው እስከ ፀጉሬ ድረስ ቀስ ብለው ለኩኝ።

«አንቺ ነሽ? ጠቆርሽሳ!» አሉና ወንበሩ ላይ ተደላደሉ።

ቆሜ የቀረሁት እኔ ነኝ።