ዝም ይበሉልኝ፣ እትዬ ዜማ!

ሙዚቃ እናውቃለን የሚሉ ሰዎች የሰውን ድምፅ ወፍራም፣ ቀጭን፣ መካከለኛ እያሉ ይከፋፍላሉ። አንዱን ግን ረስተውታል፤ ፈቺ ድምፅን። ሰው ተጠጋግቶ በሚኖርበት ሕንፃ ሁሉ አንድ ባለ ፈቺ ድምፅ አይጠፋም። ሳህን እያጠበ ያንጎራጉራል፣ ልብስ እያሰጣ ያንጎራጉራል፣ አንድም ቀን ከዜማው ጋር አይገጥምም፤ በአካባቢው ግን የጠበቀ ነገር ሁሉ ይላላል። ዝም በል ሲሉት ይብስበታል። ዝፈን ሲሉት ደግሞ፣ ጉድ እኮ ነው፣ ጉሮሮውን ይዞ ይሽኮረመማል።

በዚህ ሕንፃ ውስጥ ማዕረጉን የያዙት ሦስተኛ ፎቅ የሚኖሩት ክብርት እትዬ ዜማ ነበሩ፤ ጡረታ የወጡ ልብስ ሰፊ። ስሙን ጎረቤት ለማሾፍ ነው ያወጣላቸው። እሳቸው መስኮት ከፍተው ሲጀምሩ፣ ከበላያቸው ያለችው ሙሽራ ስትታገለው የዋለችው የማርማላታ ክዳን በራሱ ጊዜ ይከፈታል። የጥበቃው ቀበቶ ይፈታል። ጥርሳቸው የሚነቃነቅ ሕፃናት በእናቶቻቸው እጅ ተይዘው በራቸው ላይ ይሰለፋሉ። ሰላምታ እንኳ የሚቆጥበው ዝምተኛው የሒሳብ ሠራተኛ አንድ ቅዳሜ ደረጃው ላይ ቆመና፣ ሚስቱ ጥላው እንደሄደች ለወጪ ወራጁ ሁሉ ተናገረ። ማታ በሀፍረት ሊሞት ደረሰ። በማግስቱ ግን ምሳ የጠራው ጎረቤት በዛበትና የቱን እንደሚመርጥ ጨነቀው።

የዚህ ሁሉ ጣጣ የሚወድቀው ካቻቢቴ ላይ ነበር። ካቻቢቴ የሕንፃው ጥገና ሠራተኛ ነው፤ ካቻቢቴ ከኪሱ ስለማይለይ ስሙ ያው ሆኖ ቀረ። እትዬ ዜማ የፈቱትን እሱ ያጠብቃል፦ የደረጃውን መደገፊያ፣ የበሩን ማጠፊያ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ጣሪያው ሥር ባለችው ጠባብ ክፍል የሊፍቱን ገመድ የያዘውን ትልቁን ብሎን። ጠዋት ጠዋት ሲያልፍ በራቸውን ይደበድባል።

«ኧረ እትዬ ዜማ፣ ዝም ይበሉልኝ!»

«ማንን ነው ዝም በይ የምትለው? አንተ ሳትወለድ እዘፍን ነበር!» ይሉና ድምፃቸውን ከፍ ያደርጋሉ። እሱም እየተነጫነጨ ወደ ብሎኑ ይሮጣል።

አንድ ቀን ረፋዱ ላይ ሊፍቱ ሦስተኛ ፎቅ ደርሶ ቆመ፤ በሩ ግን ተቀርቅሮ ቀረ። ውስጥ ያለችው የካቻቢቴ ልጅ ነበረች። አስም አለባት፤ የሚነፋውን መድኃኒቷን ደግሞ ቤት ረስታው ወጥታለች።

«አባዬ፣ አየር አጠረኝ።»

ካቻቢቴ የብረት ዘንግ አስገብቶ ፈለቀቀ፤ ዘንጉ ጎበጠ። የሊፍት ኩባንያው ስልክ አንስቶ «ሰው እንልካለን» አለና ዘጋ። የካቻቢቴ ሚስት መድኃኒቱን ይዛ ከላይ እየተንደረደረች መጣች፤ በእሷና በልጇ መካከል ያለው አንድ ስስ ብረት ብቻ ነው። ልጅቷ መናገር ትታ ትንፋሿ ማፏጨት ጀመረ። ያኔ የተሰበሰበው ጎረቤት ሁሉ ዓይን ወደ እትዬ ዜማ በር ዞረ።

ካቻቢቴ ግን ብሎኑ ትዝ አለው። ድምፁ በሩን ከፈታ ብሎኑንም ይፈታል። ብሎኑ ከወጣ ሊፍቱ እስከ ምድር ተምዘግዝጎ ይወድቃል። «እኔ ብሎኑን ልያዝ፣ አንቺ አዘፍኛቸው!» ብሎ ሚስቱን፣ ወደ ጣሪያው ሮጠ። ትልቁን መፍቻ ብሎኑ ላይ ገጥሞ በሁለት እጁ ተንጠለጠለበት። የታችኛው ወሬ በሊፍቱ ጉድጓድ በኩል ጥርት ብሎ ይሰማዋል።

«እባክዎ እትዬ፣ ትንሽ ያንጎራጉሩልኝ!»

«ውይ፣ ዛሬማ ጉሮሮዬን ይዞኛል።»

«ልጄ እየሞተችብኝ ነው!»

«አውቃለሁ የኔ ልጅ፣ እኔስ መቼ ጠላሁ? አፌን ስከፍት አልወጣ አለኝ። ይኸው፣ እይው... ሰዉም ሁሉ ያየኛል።»

ፉጨቱ ቀጠነ። ከዚያ ተቆራረጠ። ካቻቢቴ ላቡ በዓይኑ እየገባ አሰበ፤ እኚህ ሴት ተለምነው የዘፈኑበትን ቀን አያስታውስም። አፉን ወደ ጉድጓዱ አስጠግቶ ያለ የሌለ ኃይሉን አወጣ።

«እትዬ ዜማ! ዝም ይበሉልኝ!»



«ማንን ነው ዝም በይ የምትለው?» አሉ እትዬ ዜማ። «አንተ ሳትወለድ...» ዓረፍተ ነገሩ ሳያልቅ ዘፈኑ ተጀመረ።

ብሎኑ በመፍቻው ውስጥ እንደ ሕያው ነገር ተገላበጠ። ካቻቢቴ ጥርሱን ነክሶ ወደ ኋላ መለሰው፤ እንደገና ዞረ። ዜማው ወደ ቀኝ ሲል እሳቸው ወደ ግራ፣ እሱ በመካከል ትከሻው ሊገነጠል። ከታች በሩ ተንኳኳ፣ ተንገጫገጨ፣ ተበረገደ። ሚስቱ ጮኸች። የመድኃኒቱ «ፍስስ» ተሰማ።

«ወጥታለች! ይበቃል እትዬ!» አለ ካቻቢቴ ሳያስበው። ይበቃል ቢባሉ ጊዜ ሁለተኛውን አንጓ ጀመሩ። ብሎኑ ከእጁ ሊያመልጥ ደረሰ።

ይህኔ ልጅቷ ባገኘችው የመጀመሪያ ትንፋሽ፣ «እትዬ፣ ድምፅዎ... እንዴት ያምራል!» አለች።

ዘፈኑ ቀጥ አለ። እትዬ ዜማ በሻሻቸው ፊታቸውን ሸፍነው ቤታቸው ገቡ።

የሕንፃው ኮሚቴ አመሰገናቸው፤ እንደ ልብዎ ይዝፈኑ ሲልም ፈቀደላቸው። ከዚያ ወዲህ ድምፃቸው ጠፋ። ክዳን አልከፈት አለ። የሒሳብ ሠራተኛው ተመልሶ ዝም አለ። ካቻቢቴ ጠዋት ጠዋት ወደ ብሎኑ ይወጣል፤ ብሎኑ እንደ ጠበቀ ነው። መፍቻውን ይዞ ሥራ ፈትቶ ይወርዳል።

አንድ ጠዋት ሦስተኛ ፎቅ ላይ ቆመ። ወዲያ ወዲህ አየና በሩን ደበደበ።

«ኧረ እትዬ ዜማ! ዝም ይበሉልኝ እንጂ!»

«ምን አልኩህና?» አሉ ከውስጥ።

«እሱን እኮ ነው የምልዎ! ጆሯችን ደነቆረ!»

የሳህን ድምፅ ተሰማ፤ ከዚያ ያ ገጥሞ የማያውቅ ዜማ። የካቻቢቴ የሸሚዝ ቁልፍ ተፈትቶ ደረጃውን እየነጠረ ወረደ። ሌላ ጊዜ ቢሆን ተራግሞ ይለቅመው ነበር። አሁን ግን ደረጃው ላይ ተቀመጠና ሁለተኛው ቁልፍ እስኪወድቅ ጠበቀ።