አራተኛዋ መርከብ

[የኖርዌይዋ በርገን ወደብ፣ ጠዋት። ዝናቡ እንደ ወትሮው ይዘንባል። ስምንት ሰዎች ያሉበት የጉብኝት ቡድን ሊነሳ ነው። አስጎብኚዋ ቶርዲስ ከፊት ቆማ በክንድ የሚታሰር ቢጫ ሪባን ታድላለች። ከኋላ ሁለት የአገሩ ሰዎች ይጨቃጨቃሉ። አንደኛው ሀልቫርድ ነው፤ በጥር ጡረታ የወጣ የታሪክ መምህር። ሌላው የሚስቱ ወንድም ሹር ነው፤ ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ በመንገደኛ ጀልባ ላይ ገመድ ሲያስርና ሲፈታ የኖረ።]

ሀልቫርድ፦ አላስርም አልኩ፣ አላስርም!

ሹር፦ ሪባን እኮ ነው።

ሀልቫርድ፦ ሪባን አይደለም፣ ውርደት ነው! እዚህ ተወልጄ፣ እዚህ አርባ ዓመት አስተምሬ፣ እንደ ጠፋ በግ ቢጫ ጨርቅ ይታሰርብኝ?

ሹር፦ እኔ ሁለት ነው ያሰርኩት።

ሀልቫርድ፦ ሁለት ለምን?

ሹር፦ ቢጠፋ ብዬ።

ሀልቫርድ፦ ሪባኑ ነው አንተ?

ሹር፦ ከሁለት አንዳችን።

ሀልቫርድ፦ (ድምፁን ዝቅ አድርጎ) ስማኝማ ሹር። እኔ ዛሬ ለሽርሽር አልመጣሁም። ቶርዲስ እስከ መስከረም ድረስ የሚያግዛት አንድ አስጎብኚ ትፈልጋለች። «አንድ ቀን ከቡድኑ ጋር ይምጡና ልይዎት» ብላኛለች። ፈተና ላይ ነኝ ማለት ነው።

ሹር፦ አውቃለሁ። እኔንም ና ብላኛለች።

ሀልቫርድ፦ አንተንማ ቁጥር ለመሙላት ነው። ሰባት ሆነው እንዳይሄዱ።

ሹር፦ ይሆናል።

ሀልቫርድ፦ ይህ ሥራ ካመለጠኝ ምን እንደሚጠብቀኝ ታውቃለህ? እህትህ!

ሹር፦ ሲግሩን ደግሞ ምን አደረገችህ?

ሀልቫርድ፦ ከጥር ጀምሮ ቤት ነው የምውለው። ከትናንት ወዲያ ድንች ስትልጥ አጠገቧ ቁጭ ብዬ ድንች ወደ ኖርዌይ እንዴት እንደገባ አስረዳኋት። ክፋት አለው?

ሹር፦ እስከ የት ድረስ አስረዳሃት?

ሀልቫርድ፦ ድንቹ በስሎ እስኪወጣ። ቢላዋውን አስቀመጠችና ምን አለችኝ መሰለህ? «ወይ አንተ ሥራ ፈልግ፣ ወይ እኔ ቤት ልፈልግ።»

ሹር፦ ሲግሩን ካለች ብላለች።

ሀልቫርድ፦ እውነቱን ልንገርህ ወንድሜ፣ ቤት መዋል ከብዶኛል። ማክሰኞው ከሐሙሱ አይለይብኝም። የሚሰማኝ ሰው እፈልጋለሁ። ስለዚህ ዛሬ እንዳታሳፍረኝ። ትንፍሽ እንዳትል። አላዋቂ ሳሚ ንፍጥ ይለቀልቃል!

ሹር፦ መጠየቅስ?

ሀልቫርድ፦ ጥያቄ ካለህ ለእኔ፣ በጆሮዬ።

ሹር፦ እሺ። (ከዝናብ ልብሱ ኪስ ትንሽ ደብተርና እርሳስ ያወጣል።)

ሀልቫርድ፦ እሱ ደግሞ ምንድነው?

ሹር፦ የምትለውን ልጽፍ ነዋ። እንዳልረሳው።

ሀልቫርድ፦ (ልቡ ተነክቶ) በስድሳ ስድስት ዓመትህ! ጻፍ እንጂ፣ ጻፍ። ሁሉንም ጻፍ።

[ቡድኑ ተነሳ። ቶርዲስ ከተደረደሩት የእንጨት ቤቶች ፊት ቆማ ስለ ጀርመን ነጋዴዎች ተናገረች፤ የደረቀ ዓሣ ከሰሜን ተቀብለው ወደ መላው አውሮፓ ይልኩ እንደነበር። ስትጨርስ «ጥያቄ ያለው?» አለች። ሆላንዳውያኑ ባልና ሚስት፣ ዴንማርካዊቷና እናቷ፣ ከሉቤክ የመጡት ሁለት ጀርመናውያን ጡረተኞች፣ ሁሉም የገዛ ጫማቸውን ማየት ጀመሩ።]

ሹር፦ እኔ አለኝ።

ሀልቫርድ፦ በጆሮዬ አልኩህ!

ሹር፦ (ጮክ ብሎ) ይሄ የደረቀው ዓሣ፣ ባሕር ውስጥ ሆኖ እንዴት ደረቀ?

ሀልቫርድ፦ ወይ አምላኬ! (ለቡድኑ) ይቅርታ አድርጉልኝ፣ የሚስቴ ወንድም ነው፤ መርጬ ያመጣሁት አይደለም። የሚደርቀው ከባሕር ከወጣ በኋላ ነው፣ አንተ ገልቱ! እንጨት ላይ ተሰቅሎ፣ በነፋስ!

ሹር፦ (እየጻፈ) «አንተ ገልቱ... በነፋስ።»

ሀልቫርድ፦ ገልቱውን ምን አስጻፈህ?

ሹር፦ ሁሉንም ጻፍ አላልክም?

ሀልቫርድ፦ ጻፈው በቃ። እውነት ስለሆነ ጻፈው።

[ቶርዲስ ፈገግ ብላ ወደ ጠባቡ መተላለፊያ መራቻቸው።]

ሀልቫርድ፦ አየሃት? ሳቀችልኝ። ስምንተኛ ክፍል ሳለች ያስተማርኳት እኮ እኔ ነኝ። ጎበዝ ነበረች፤ ችግሯ ዝርዝር ትዘላለች። አሁን እንኳ «በ1702 እሳት ተነስቶ ቤቶቹን በላቸው» ብላ አለፈች። ቀኑስ? ወሩስ? (ጮክ ብሎ) ቀኑን ረሳሽው፣ ልጄ!

ሹር፦ ተቃጥሏል ነው ያለችው?

ሀልቫርድ፦ ድምጥማጡ ጠፍቷል።

ሹር፦ ታዲያ አሁን የምናየው የተቃጠለውን ነው ያልተቃጠለውን?

ሀልቫርድ፦ የተቃጠለውን እንዴት ታየዋለህ! እንደገና ተሠርቶ ነው!

ሹር፦ አዲስ ነዋ።

ሀልቫርድ፦ ሦስት መቶ ዓመት አልፎታል!

ሹር፦ ታዲያ ለምን ተጣመመ? ሆነ ብለው ነው?

ሀልቫርድ፦ አንተ ድንጋይ! ሦስት መቶ ዓመት ቆመህ ብትውል አትጣመምም?

ሹር፦ (እየጻፈ) «ድንጋይ... ቆሞ ከዋለ... ይጣመማል።»

[ቶርዲስ ከአንድ በር ፊት ቆመች። እነዚያ ነጋዴዎች እዚህ እስካሉ ድረስ ሚስት ማግባት ክልክል እንደነበር ነገረቻቸውና «ጥያቄ?» አለች። አሁንም ሁሉም ወደ ጫማው።]

ሹር፦ ልጆቻቸውን የት ነበር የሚያስተምሩት?

ሀልቫርድ፦ የምን ልጆች?

ሹር፦ የነጋዴዎቹን።

ሀልቫርድ፦ አያገቡም ተባለ እኮ! አንዳቸውም!

ሹር፦ አባቶቻቸውም?

ሀልቫርድ፦ አባቶቻቸውም፣ አያቶቻቸውም! ሕጉ ነው!

ሹር፦ ታዲያ እነሱን ማን ወለዳቸው?

[ሆላንዳዊቷ ሳቋ አመለጣት። ጀርመናውያኑም ቀስ ብለው ከጫማቸው ላይ ቀና አሉ። ዴንማርካዊቷ እናት እጇን አውጥታ፣ ምግባቸውን ታዲያ ማን ያበስልላቸው እንደነበር ጠየቀች። ቶርዲስ እየሳቀች መለሰችላት።]

ሀልቫርድ፦ አየህ ያደረግከውን? አሁን ሁሉም መጠየቅ ጀመረ! ሥርዓት የለ፣ ምን የለ!

ሹር፦ ሀልዬ፣ ይሄ ባሕር ስንት ሰዓት ነው የሚዘጋው?

ሀልቫርድ፦ ምን?

ሹር፦ ባሕሩ። እሑድስ ክፍት ነው?

ሀልቫርድ፦ ባሕር ሱቅ ነው እንዴ! አንተን የወለደች እናት ምን በልታ ነው?

ሹር፦ ዓሣ ይመስለኛል። (ይጽፋል።) ዝናቡስ? ከጉብኝቱ ጋር አብሮ ነው የተሰጠን ወይስ ለብቻው ነው?

ሀልቫርድ፦ በርገን ተወልደህ ስለ ዝናብ ትጠይቀኛለህ? ድንጋይ! ድንጋይ እንኳ ዝናብ ያውቃል!

[ወደ ላይኛው ፎቅ ወጡ። ጨለም ያለ ባዶ የዕቃ ማከማቻ ነው። ሹር አንድ ምሰሶ ሥር ጎንበስ አለ። እንጨቱ ላይ በስለት የተቧጨሩ ጭረቶች አሉ፤ ሦስት ረጃጅምና አንድ አጭር።]

ሹር፦ ይሄስ ምንድነው?

[ቶርዲስ ወደ ሀልቫርድ ዞራ «መምህር፣ እርስዎ ያውቁታል?» አለች። ሁሉም ዞሮ አየው።]

ሀልቫርድ፦ (ጉሮሮውን ጠርጎ) ከማወቅም አልፎ! እባካችሁ ጠጋ በሉ። ነጋዴዎቹ ዕቃቸውን በምልክት ነበር የሚለዩት። ይህ የአንድ የሉቤክ ነጋዴ ምልክት ነው።

[የሉቤኮቹ ጡረተኞች ኩራት ኩራት አላቸው፤ ስልካቸውን አውጥተው ምሰሶውን ፎቶ አነሱ።]

ሹር፦ ጭረቶቹስ?

ሀልቫርድ፦ እያንዳንዷ ጭረት አንዲት መርከብ ናት። ሦስቱ ረጃጅሞቹ በሰላም የተመለሱት ናቸው።

ሹር፦ አጭሯስ?

ሀልቫርድ፦ (ድምፁን አሳዝኖ) አራተኛዋ መርከብ... አልተመለሰችም። ነጋዴው ይህችን ጭረት ሲጀምር መርዶ ደረሰው። እጁ ተንቀጠቀጠ። ስለቱ ወደቀ። ሊጨርሳት አልቻለም።

ሹር፦ (ባርኔጣውን አውልቆ) ነፍስ ይማር። ስንት ሰው ነበረባት?

ሀልቫርድ፦ አሥራ ሁለት።

ሹር፦ አንድም አልተረፈ?

ሀልቫርድ፦ አንድም። ከመካከላቸው አንዱማ ሙሽራ ነበር።

ሹር፦ ማግባት ክልክል ነው አላልክም?

ሀልቫርድ፦ መርከበኛ ነው! መርከበኛ ማግባት ይችላል! ስለማታውቀው ነገር አትግባ!

[ሆላንዳዊቷ እንባዋን ጠረገች። ባሏ አቀፋት። ቶርዲስ ሀልቫርድን ትንሽ አየችውና፣ ምንም ሳትል ደረጃውን ቀድማ ወረደች። ከግማሽ ሰዓት በኋላ ጉብኝቱ የዓሣ ገበያው አጠገብ አለቀ። ቡድኑ ተሰነባብቶ ተበተነ። ቶርዲስ ከሹር ደብተሩን ተቀብላ ገጾቹን ገለጥ ገለጥ አደረገች፤ እንደ ማዘን ብላ ራሷን ነቀነቀች፣ የሹርን ትከሻ መታ አድርጋ ሄደች። ሁለቱ ሰዎች ብቻቸውን ቀሩ።]

ሀልቫርድ፦ አየሃት ፎቅ ላይ? ዝም ብላ ወረደች። አንደበቷ ተዘጋ! ነገውኑ ሥራ ጀምር ትለኛለች።

ሹር፦ እ...

ሀልቫርድ፦ ደብተርህን ግን ለምን ወሰደችው?

ሹር፦ የራሷ ነዋ።

ሀልቫርድ፦ የራሷ ማለት?

ሹር፦ እሷ ናት የሰጠችኝ። «ጠይቀው፣ የሚመልሰውን ቃል በቃል ጻፍልኝ» ብላ።

ሀልቫርድ፦ እነዚያን የጅል ጥያቄዎች ቶርዲስ ናት ያወጣቻቸው?

ሹር፦ የለም፣ የመንገደኛ ናቸው። ሠላሳ አንድ ዓመት ጀልባ ላይ ሰው ሲጠይቀኝ የኖረው ነው። ባሕሩ ስንት ሰዓት እንደሚዘጋማ አንድ ዳኛ ነው የጠየቀኝ፤ ከነሚስቱ። ሰው አገሩን ለቅቆ ሲወጣ እንዲህ ነው፣ ማሰቢያውን ቤቱ ጥሎ ይመጣል። ደግሞ የኛ የሰሜን አውሮፓ ሰው መጠየቅ ያፍራል። አንድ ሰው መጀመሪያ ጅል ካልሆነለት አፉን አይከፍትም።

ሀልቫርድ፦ እና እኔን ለምን?

ሹር፦ ታሪክ እንደምታውቅማ ታውቃለች፣ አንተው አስተምረሃት። ማወቅ የፈለገችው፣ ሰው የማይረባ ጥያቄ ሲጠይቅህ ሳትሰድበው ትመልሳለህ ወይ የሚለውን ነው።

ሀልቫርድ፦ ማንን ሰደብኩ?

ሹር፦ ገልቱ አንድ፣ ድንጋይ ሦስት፣ እናት አንድ። እሷ ደግሞ የሲግሩንም እናት ናት።

ሀልቫርድ፦ አንተን ነው እንጂ ቱሪስቱን መቼ ሰደብኩ!

ሹር፦ ዛሬ ቱሪስቱ እኔ ነበርኩ።

ሀልቫርድ፦ (ተንፍሶ) እሺ። እሺ፣ እሱ ይሁን። ምሰሶውስ? ሴትየዋን በእንባ አራጨኋት እኮ! እሱስ አይቆጠርልኝም?

ሹር፦ የጣለህ እሱ ነው።

ሀልቫርድ፦ እንዴት አድርጎ?

ሹር፦ ቶርዲስ «እሱ መልሱን የማያውቀው አንድ ጥያቄ ፈልግ» አለችኝ። አንተ የማታውቀው ነገር ከየት ይገኛል ብዬ ሦስት ቀን ሳስብ ከረምኩና፣ ያቺ ምሰሶ ትዝ አለችኝ።

ሀልቫርድ፦ የነጋዴው ምልክት።

ሹር፦ እኔ ነኝ የቧጨርኩት።

ሀልቫርድ፦ አንተ?

ሹር፦ አሥራ አራት ዓመቴ ነበር። አባቴ በርሜል ያራግፍ ነበር፣ እኔን «እዚህ ጠብቀኝ» ብሎኝ ሄደ። ቢላዋውን ትቶልኝ ነበር። አንድ ሰዓት ባለፈ ቁጥር አንድ ጭረት አደርጋለሁ። አራት ሰዓት ቆየሁ። ዛሬ ሳስበው ያሳፍረኛል፤ ያኔ ግን ቅርስ ነው ያለኝ የለም፣ የዓሣ መጋዘን ነበር።

ሀልቫርድ፦ አጭሯስ?

ሹር፦ አራተኛውን ስጀምር አባቴ ደረሰና በጥፊ አለኝ።

ሀልቫርድ፦ መርከቧስ?

ሹር፦ የቷ መርከብ?

ሀልቫርድ፦ የሰመጠችው! አሥራ ሁለቱ ሰዎች!

ሹር፦ እኔ ምን አውቄ፣ አንተ ነህ ያሰመጥካት።

[ሀልቫርድ እርጥቡ የድንጋይ ግንብ ላይ ቁጭ ይላል። ከፊቱ ሆላንዳውያኑ ተቃቅፈው ያልፋሉ፤ ሴትየዋ እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ ሰላም ትለዋለች። እሱ አንገቱን ይደፋል።]

ሀልቫርድ፦ ምን ብል ነበር የማልፈው?

ሹር፦ ቀላል ነበር። ቶርዲስ ምን አለችኝ፣ «ሌላው ሁሉ ቢበላሽ እንኳ፣ አንዴ ብቻ አላውቅም ካለ እቀጥረዋለሁ።»

ሀልቫርድ፦ አላውቅም?

ሹር፦ አላውቅም።

ሀልቫርድ፦ አርባ ዓመት ሰው ፊት ቆሜ አላውቅም ብዬ አላውቅም። አፈርኩ ሹር። እውነቴን ነው፣ መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠኝ ደስ ይለኛል። አሁን ለሲግሩን ምን ብዬ ነው የምገባው?

ሹር፦ አላውቅም።

ሀልቫርድ፦ እህትህ አይደለች እንዴ! እንዴት አታውቅም?

ሹር፦ አየህ? እንዲህ ነው የሚባለው።